የእመት ጃርት አረማመድ

እታለም፣

እንደምን ከርመሻል? ጤናሽስ እንዴት ነው? ጠዋት ጠዋት ወገብሽን ይዞ አላስነሣ የሚልሽ ነገር ተወሽ ወይስ አሁንም «ደህና ነኝ» እያልሽ ትሸውጂናለሽ? ጠብታው ለእማዬ ዓይን በጃት? የባለቤትሽ ሳልስ በረደለት? ልጆችሽ፣ ትልቋም መንትዮቹም አደጉ፣ ወይስ እንደ እኔ ረዘሙ እንጂ አላደጉም? የስፌት መኪናሽስ እንዴት ናት? እሷም የቤቱ ሰው ናትና ጤናዋን ካልጠየቅሁ ታኮርፈኛለች። እኔ ፈጣሪ ይመስገን ደህና ነኝ። ጥሎኝ የሄደው ፀጉሬ ብቻ ነው፤ እሱንም ብዙ አስታምሜዋለሁ።

«ምነው በስልክ አትነግረኝም ነበር?» እንደምትይ አውቃለሁ። በስልክማ አንቺን ማን ችሎሽ! ገና ቁም ነገር ስጀምር «ቆይ እማዬን ላገናኝህ» ትይና ስልኩ ከእጅ ወደ እጅ ሲዞር መስመሩ ይቋረጣል። ይሄ ግን መነጽርሽን አድርገሽ፣ በሩን ገርበብ አድርገሽ፣ ብቻሽን የምታነቢው ነገር ነው። መጨረሻው ላይ የምጠይቅሽ አንድ ነገር አለ። ሳትጨርሺ እንዳትቆጪ።

ሰሞኑን መሥሪያ ቤታችን አዳዲስ ሠራተኞች ቀጠረና አለቃችን ነባሮቹን ተራ በተራ ሥራችንን እንድናስረዳቸው አዘዘን። የእኔ ተራ ሲደርስ ተነሣሁና አፌን ያዘኝ። ምን ልበል? የካርቱን ፊልም የሚሠራ ቤት ውስጥ እንደምሠራ ታውቂያለሽ። እማዬ ለጎረቤት «ልጄ ሥዕል ያናግራል» እያለች እንደምታስረዳ ሰምቻለሁ፤ ከዚህ የተሻለ ማብራሪያ እኔም የለኝም።

ስገባ የቀለም ብሩሽ አጣቢ ነበርኩ። ያኔ ሥዕሉ ብርሃን በሚያሳልፍ ስስ ፕላስቲክ ላይ በእጅ ነበር የሚቀባው። የቀለም ክፍሉ ኃላፊ ኃይለኛ ሴት ነበረች፤ ሁለት አረንጓዴ ጎን ለጎን ታስቀምጥና የትኛው የቅጠል፣ የትኛው የሣር እንደሆነ ሰውን ሁሉ ታፋጥጥ ነበር። እኔን ስትጠይቀኝ ሳላመነታ ነገርኳት። የት ተማርክ አለችኝ። የት እንደተማርኩ አንቺ ታውቂያለሽ። ክር ግዛ ብለሽ ልከሽኝ፣ «ይሄ እኮ ሌላ ሰማያዊ ነው፣ ዓይን የለህም?» እያልሽ ስንት ጊዜ ነው ወደ ሱቅ የመለስሽኝ? ብሩሽ ከማጠብ ወደ መቀባት ያሻገረኝ ያንቺ ክር ነው።

ከዚያ ኮምፒውተር መጣና የቀለም ክፍሉ ተዘጋ። ጓደኞቼ በየአቅጣጫው ሲበታተኑ እኔ ድምፅ ክፍል ገብቼ ተለጠፍኩ። ሥዕል ድምፅ የለውም እኮ እታለም፤ በር ሲጢጥ ሲል፣ ወፍ ሲበርር፣ ሰው ሲሮጥ፣ ሁሉንም ማይክሮፎን ፊት ቆሞ የሚሠራው ሰው ነው። የወፍ ክንፍ ነው ብለሽ የምትሰሚው ያረጀ የቆዳ ጓንት ነው። በረዶ ላይ የሚሄድ ሰው ነው የምትዪው ደግሞ ዱቄት የሞላው ከረጢት እየጨመቀ የሚያልበው ወንድምሽ ነው። በኋላ ቅንብር ክፍል ሰው ጎደለ ተባለና እዚያም ሄድኩ። ሥራው ፊልም መቁረጥና መቀጠል ነው፤ ጨርቅ ስትቀጂ አጠገብሽ ላደገ ሰው አያቅትም። ድምፅ የሚሰጡን ሕፃናት ሲያለቃቅሱ አባባዩም እኔው ነኝ። መሳቅ አልሆንልሽ ያላትን አንዲት ልጅ ለማሳቅ ጠረጴዛ ሥር ገብቼ እንደ ድመት ጮኬያለሁ፤ ሽማግሌ ሆኜ!

እማዬ «ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» ስትል ተረት ብቻ ይመስለኝ ነበር። እኛ ቤት ግን ይሄ የዕለት ሥራ ነው። እኔ ራሴ አንድ እንቁላል እግር አውጥቶ ከጎጆው እስኪወጣ ድረስ ወር ሙሉ ስቀባው ኖሬያለሁ። እንቁላሉ ሄዷል ብለሽ ንገሪያት፤ ደስ ይላታል። ለአዲሶቹ ሠራተኞች ግን ይሄን ሁሉ ሳላወራ «እኔ የጎደለ ቦታ እሞላለሁ» ብዬ ተቀመጥኩ።

አሁን ወደ ነገሬ ልግባ። አዲሱ ፊልማችን ስለ አንዲት ጃርት ነው፤ እመት ጃርት እንላታለን። ከጎጆው የወደቀ የወፍ ጫጩት ታገኝና ለእናቱ ልታደርሰው ጫካውን ታቋርጣለች። ችግሩ፣ እንዳታዝለው ጀርባዋ እሾህ ነው። ብታስብ ብታስብ ቸገራትና፣ ከየመንገዱ የለቃቀመችውን ብጥስጣሽ ጨርቅ ደራርታ ወፍራም ድሪቶ ትሰፋለች፤ እሱን ጀርባዋ ላይ ጣል አድርጋ ጫጩቱን እላዩ ላይ ታስቀምጠዋለች። ከዚያ በኋላ ፊልሙ መንገድ ነው። ትሄዳለች፣ ትሄዳለች፣ ትሄዳለች።

ሥዕል እንዲራመድ አንዱ እርምጃ ብቻ በብዙ ሥዕል ይሣላል፤ እግር ሲነሣ ለብቻው፣ ሲታጠፍ ለብቻው፣ ሲያርፍ ለብቻው። አንዴ ከተሣለ በኋላ እየተደጋገመ ፊልሙን በሙሉ ያገለግላል። ይሄን የምትሠራልን አንዲት ባልደረባዬ አለች፤ እጇ ስለሚፈጥን «ጥድፊያ» ነው የምንላት። ያን ሰሞን ልጇ ጥርስ እያወጣ እንቅልፍ ነሥቷት ነበርና፣ የግራው እግር ላይ ስትደርስ አንዱን ሥዕል ዘለለችው። የግራው እርምጃ ከቀኙ አጠረ ማለት ነው። በትንሹ ስክሪን ስናየው ማንም ልብ አላለውም። ሳናውቀው ተደጋግሞ ግማሽ ፊልም ላይ ገባ።

ስህተቱን ያገኘሁት እኔ ነኝ፤ ያገኘሁትም በዓይኔ ሳይሆን በእግሬ ነው። የእርምጃ ድምፅ ስንሠራ ስክሪኑን እያየን ከሥዕሉ እግር እኩል እንረግጣለን። የክፍሉ ወለል የተከፋፈለ ነው፤ አንዱ ጋ አሸዋ፣ አንዱ ጋ ጠጠር፣ አንዱ ጋ ሳንቃ፣ ጥግ ላይ ደረቅ ቅጠል አለ። ለእመት ጃርት የመረጥኩላት ተረከዙ የተበላ የሴት ጫማ ነው። ራሰ በራ ሰውዬ በሴት ጫማ ቅጠል ሲረግጥ ብታዪ ሆድሽን ይዘሽ ትስቂ ነበር። እንደ ልማዴ እኩል እኩል ስረግጥ አልገጥም አለኝ፤ ግራው ላይ ሁልጊዜ ትቀድመኛለች። ደጋገምኩት። ተናደድኩ። ጫማውንም ሰደብኩት። በመጨረሻ ማሰቡን ተውኩና እግሬን ዝም ብዬ ለቀቅሁት። አንድ ረጅም፣ አንድ አጭር። አንድ ረጅም፣ አንድ አጭር። ጫካውን አቋርጣ እስክትወጣ አንዲት እርምጃ ሳልስት ሄድኩላት።

ከመስታወቱ ወዲያ ሆኖ ድምፁን የሚቀዳው ባልደረባዬ አጨበጨበልኝ። እኔ ግን ክው ብዬ ቆሜ ቀረሁ። ያን አረማመድ አውቀዋለሁ። እታለም፣ ያንቺ ነው።

የገዛ እግሬ መሬት ከመንካቱ በፊት የለመድኩት እሱን ነው። እማዬ ሥራ ውላ እስክትመለስ ጀርባሽ አልጋዬ ነበር፤ ስትሄጂ አንዴ ወዲህ፣ አንዴ ወዲያ እያልኩ ነበር እንቅልፍ የሚወስደኝ። ሰው ሁሉ እንደዚያ የሚሄድ ይመስለኝ ነበር። ጎረቤታችን አንድ ቀን ልታሳርፍሽ ብላ አዝላኝ እሪታዬን እንዳቀለጥሁት እማዬ ዛሬም ታወራዋለች። የሴትዮዋ እርምጃ አልጥም ብሎኝ ነው፤ እኩል ነዋ! እዚያ ቅጠል ላይ እንደቆምኩ፣ አላፍርም፣ አለቀስኩ። ምክንያቱን ስነግረው ድምፅ ቀጂው መብራቱን ቀነሰልኝና ሻይ ላምጣ ብሎ ወጣ።

ጥድፊያ ስህተቷን ስትሰማ በድንጋጤ ፊቷ ተለዋወጠ። ወዲያው ወንበሯ ላይ ተቀምጣ የጎደለውን ሥዕል ልትሥል ስትል እባክሽ ቆይ፣ አትንኪው አልኳት። አለቃችን ተጠራ። እሱ እርሳስ ያኝካል እንጂ ብዙ አይናገርም። የተቃናውንም ያልተቃናውንም አስመጥቶ መላልሶ አየ። ስትቃና እመት ጃርት ደህና አሻንጉሊት ናት። ባልተቃናው ግን መንገዱ ይከብዳታል፣ ታስባለች፣ ልጁን ላለመጣል ትጠነቀቃለች፤ ነፍስ አላት። ጫጩቱም ድሪቶው ላይ አንዴ ወዲህ አንዴ ወዲያ እያለ ዓይኑ ሲከደን ይታያል። አለቃችን እርሳሱን ከአፉ አወጣና ይሄ ይሁን አለ።

ሕፃናት ሰብስበን ያለቀውን ያህል አሳየናቸው። እኔ ከኋላ ቆሜ ነበር። ይስቁባት ይሆን? አንዱ ልጅ ጮክ ብሎ እግሯን አሟት ነው ወይ ብሎ ጠየቀ። አጠገቡ የነበረች ልጅ ዓይኗን ከስክሪኑ ሳትነቅል፣ አላመማትም፣ እሷ የምትሄደው እንደዚህ ነው አለችው። በቃ፤ ነገሩ እዚያው አለቀ። ከዚያ በኋላ ማንም ስለ እግሯ አልጠየቀም። ፊት ወንበር ላይ ያሉት ትንንሾቹ ከጫጩቱ ጋር አብረው ወዲህ ወዲያ ሲሉ አየኋቸው። አንዷማ ጭራሽ እንቅልፍ ወሰዳት። ሌላ ጊዜ ተመልካች ሲተኛብን እንበሳጫለን፤ ያን ቀን ግን እኔና ጥድፊያ ተቃቀፍን።

ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው እንደሚባለው፣ አንቺ ሳትሰሚ ስለ እግርሽ ስብሰባ ተቀምጠንበታል። ፊልሞቻችንን ለየአገሩ የምታከፋፍል ሴት አለች፤ ደህና ሰው ናት። እሷ ፈራች። ወላጆች በአካል ጉዳተኛ አሾፋችሁ ይሉናል አለች። እኔም ተነሥቼ ተከራከርኩ፤ ምላሴ ያንቺ ምላስ እስኪመስል ድረስ ተከራከርኩ። የእህቴ አረማመድ እንደሆነ፣ በዚያ አረማመድ እንዳደግሁ፣ በዓለም ላይ ከዚያ የበለጠ ደህና ቦታ እንደማላውቅ ነገርኳቸው። ሴትዮዋ እስክጨርስ ሰማችኝና፣ እህትህ ታውቃለች ወይ ብላ ጠየቀችኝ።

ምን ልመልስ? ዝም አልኩ። አለቃችንም የዚያን ጊዜ ከንግግሬ ሁሉ የምትሻለውን አንዲት ቃል ተናገረ፤ ይሄ አረማመድ ባለቤት ካለው የሚወስነው ባለቤቱ ነው አለ።

እታለም፣ ዝም ያልኩት ስለማውቅሽ ነው። ሠርግ ሲኖር ሰው ሳይሞላ ቀድመሽ ገብተሽ ትቀመጫለሽ፤ ሰዉ ወጥቶ ሲያልቅ ነው የምትነሺው። የገዛ ሠርግሽ ፎቶ ላይ እንኳ ቆመሽ የተነሣሽው የለም። የልጆችሽ ትምህርት ቤት ወላጅ ሲጠራ የሚሄደው ባለቤትሽ ነው። ይሄን እኔም አውቃለሁ፣ እማዬም ታውቃለች፤ ማናችንም አንሥተንብሽ አናውቅም። እንዲህ ተጠንቅቀሽ የያዝሽውን ነገር እኔ በስንት አገር ግድግዳ ላይ ላሳየው ነው እንዴ? ይሄን ሳስብ ያ ሁሉ ክርክሬ አሳፈረኝ።

ግን ደግሞ ሌላም ነገር አስታውሳለሁ። የሰፈር ልጆች እየተከተሉ አካሄድሽን ሲያስመስሉብሽ፣ እኔ ጀርባሽ ላይ ሆኜ ላለቅስ ስል፣ ዘወር ብለሽ ያልሻቸው ትዝ ይልሻል? «እናንተ ያገኛችሁትን ትረግጣላችሁ፤ እኔ መሬቱን እየመረጥኩ ነው» አልሻቸው። ልጆቹ አፋቸውን ከፍተው ቀሩ። እኔማ ለስንት ዓመት እውነት መስሎኝ፣ መሬቱን ከምን ከምኑ እንደምትመርጪ ለማየት አንገቴን አስግጌ ወደ ታች እመለከት ነበር። ያቺን ልጅ በጣም እወዳት ነበር እታለም። ዛሬም ወንበሩ ላይ ቀድማ የምትቀመጠውን እህቴን እወዳታለሁ፤ ያቺኛዋ ግን ትናፍቀኛለች።

እዚህ ቤት ሲያመሰግኑኝ፣ ሁሉን ቻይ ነህ፣ የሰጠንህን ሁሉ ትሠራለህ ይሉኛል። በሥነ ሥርዓት አንገቴን ደፍቼ እቀበላለሁ። በሆዴ ግን ከራሴ ያመጣሁት ምን እንደሆነ እፈልጋለሁ፤ ዓይኔም፣ መቀሱም፣ ልጅ ማባበሉም ካንቺ የተወሰደ ነው። እኔ ያመጣሁት መላጣዬን ብቻ ይመስለኛል። ይሄን ያህል ዘመን «አመሰግናለሁ» ሳልልሽ የቆየሁት ለወንድምና ለእህት ነውር መስሎኝ ነው። ነውር ከሆነም ይሁን። አመሰግንሻለሁ። ስላዘልሽኝ፣ ስለቆጣሽኝ፣ ክር ስላስመለስሽኝ፣ ለሥራ መጀመሪያ ከቤት ስወጣ ኮቴን በአንድ ቀን ሰፍተሽ ስላለበስሽኝ አመሰግንሻለሁ።

እንግዲህ የምጠይቅሽ ይሄ ነው። ከደብዳቤው ጋር ትንሽ ፍላሽ አለ። ትልቋ ልጅሽ ኮምፒውተሯ ላይ ትክፈትልሽና አንቺን ትታ ትውጣ። ድሪቶውን ከሰፋችበት ጀምሮ ጫጩቱ እስኪተኛ ድረስ ያለውን ታያለሽ። የልብስ ሰፊ ዓይንሽ የድሪቶው ስፌት ላይ ስህተት ካገኘ ንገሪኝ፤ እሱን ያለምንም ክርክር እናስተካክላለን።

ካልወደድሽው ምንም አትጻፊልኝ። የድምፅ ሥራው የሚዘጋው በወሩ መጨረሻ ነው፤ እስከዚያ ካንቺ ምንም ካልመጣ ገብቶኛል ማለት ነው። ጥድፊያ የጎደለውን ሥዕል ሥላ አዘጋጅታዋለች፤ ከአለቃችን እስከ አከፋፋይዋ ሁሉም ተስማምተዋል። የእመት ጃርትን እግር በገዛ እጄ አቃናዋለሁ፣ ፊልሙም ቆንጆ ፊልም ይሆናል። በስልክ ስንገናኝ አላነሣብሽም። አንቺም ቅር እንዳይልሽ፤ ያንቺ የሆነውን ላንቺ መለስኩ እንጂ ምንም አላጣሁም።

ከወደድሽው ግን፣ «እሺ» የሚለውን ቃልም አልፈልገውም። ትልቋ ስልኳን ከፍታ ኮሪደሩ ላይ ወለሉ ላይ ታስቀምጠው። ሬዲዮኑ ይዘጋ፣ መንትዮቹ ውጪ ይጫወቱ። አንቺ ከስፌት መኪናሽ ተነሺና እስከ በሩ ድረስ ሄደሽ ተመለሺ። ጫማሽን አታውልቂ፤ የቤቱ ነጠላ ጫማ ይሁን። ቀስ አትበዪ፣ አትጠንቀቂ፣ ድስት ያረረብሽ ያህል ሂጂ። እስካሁን ፊልሙ ውስጥ ያለው የእኔ እግር ነው፤ ቢያጨበጭቡለትም አስመሳይ ነው። ያንቺ ከመጣ የእኔን አውጥቼ ያንቺን አስገባለሁ። ፊልሙ ሲያልቅ ከሚያልፉት ስሞች መካከልም «አረማመድ» የሚል መስመር ይኖራል፤ ከጎኑ ሙሉ ስምሽ ይጻፍ ወይስ «እታለም» ብቻ ይበቃል፣ እሱን በስልክ እንጨቃጨቅበታለን።

ሰላምታዬን አድርሽልኝ። ለእማዬ ሁለቱንም ጉልበቷን ሳሚልኝ፤ ስሜ በስክሪን ሲያልፍ ፊደሉ ደቃቅ ስለሆነ ዓይኗን እንዳታደክም፣ ትልቋ ታንብብላት። ለባለቤትሽ፣ ሳሉን በማር ብቻ ይሸኘው፣ ሲጋራውንም አብሮ ይሸኝልኝ። ትልቋን ስለ ፍላሹ አደራ በያት፤ አጎትሽ አንቺን ነው የሚያምነው በያት። መንትዮቹ እንደ ድመት መጮኽ እንዳስተምራቸው ጠይቀውኝ ነበር፤ ስመጣ አስተምራቸዋለሁ፣ አንቺ ቤቱን ለቀሽ ትወጫለሽ። ያቺን እሪ ያልኩባትን ጎረቤታችንንም ይቅርታ ጠይቂልኝ፤ ጥፋቱ የእሷ አልነበረም። ለስፌት መኪናሽ ዘይት ጠብ አድርጊላት።

ለግራ እግርሽም ለብቻው ሰላምታዬ ይድረሰው። ጆሮዬን ጥዬ እጠብቀዋለሁ።

ጀርባሽ ላይ ያደገው ወንድምሽ

ከድምፅ ክፍሉ፣ ከደረቁ ቅጠል አጠገብ
ኅዳር 9 ቀን